«ችሎት ደፍረዋል» የሚል ወረቀት ከአሜሪካ ፍርድ ቤት ሲደርስዎ፦ ዳኛው ብቻውን ምን ድረስ መሄድ ይችላል?

ፖስታውን ሲከፍቱ «ኦርደር ቱ ሾው ኮዝ» የሚል ርእስ ካነበቡ፣ ፍርድ ቤቱ «ችሎት በመድፈር የማትቀጣበት ምክንያት ካለህ ቀርበህ አስረዳ» ብሎዎታል። ይህ ክስ ነው እንጂ ፍርድ አይደለም። ሆኖም ወረቀቱን ከመብራትና ከስልክ ቢል ጋር መሳቢያ ውስጥ የጣለ ሰው ብዙ ጊዜ ለእስር የሚዳረገው በዋናው ጉዳይ ሳይሆን በቀጠሮው ቀን ባለመገኘቱ ነው። ዳኛው «ቤንች ዋራንት» ወይም «ቦዲ አታችመንት» የሚባለውን የመያዣ ትእዛዝ ያወጣል፤ ከወራት በኋላ ለፍጥነት ያስቆመዎት ፖሊስ ስምዎን ኮምፒውተሩ ላይ ሲያስገባ ትእዛዙ ብቅ ይላል።

አገር ቤት ችሎት ገብቶ የሚያውቅ ሰው፣ ዳኛው ረባሹን እዚያው ቀጥቶ ሲልከው አይቶ ሊሆን ይችላል። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449ም ፍርድ ቤትን መድፈርን እስከ 1 ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ያስቀጣል። ስለዚህ ብዙ ሰው አሜሪካም መጥቶ «ዳኛ ካለ አለ ነው» ብሎ አንገቱን ይደፋል። አሜሪካ ውስጥ ዳኛ ጉዳዩን ብቻውን ማስነሳት ይችላል፤ ብቻውን ጀምሮ ብቻውን የሚጨርሰው ግን በጠባብ ሁኔታ ብቻ ነው። ከዚህ በታች ያሉት ምሳሌዎች ከፌዴራል፣ ከሜሪላንድና ከቨርጂኒያ የተወሰዱ ናቸው። ሌላ ስቴት የሚኖር ሰው፣ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔዎች እሱም ዘንድ ይሠራሉ፤ የደንብ ቁጥሩንና የቀን ገደቡን ግን ከራሱ ስቴት ማረጋገጥ አለበት።

መጀመሪያ፦ ሊያስገድዱዎት ነው ወይስ ሊቀጡዎት?

እስክሪብቶ ይያዙና ወረቀቱ ላይ ሦስት ነገር ያስምሩ፤ የመዝገብ ቁጥሩን፣ ፈጸሙት የተባለውን ድርጊት ከነቀኑ፣ ከዚያም እስርን የሚመለከተውን ዓረፍተ ነገር። የዳኛው ሥልጣን ልክ የሚታወቀው ከእነዚህ ሦስቱ ነው።

ችሎት መድፈር ሁለት ዓይነት ነው። «ሲቪል ኮንቴምፕት» የሚባለው ትእዛዝ እንዲፈጽሙ ለማስገደድ ነው፦ «ይህን ያህል እስክትከፍል ትታሰራለህ፤ ስትከፍል ትወጣለህ»። የአሜሪካ ጠበቆች የእስር ቤቱ ቁልፍ በታሳሪው ኪስ ውስጥ ነው የሚሉት ለዚህ ነው። ለመውጣት የሚፈጸመው ነገር «ፐርጅ» ይባላል፤ ቃሉን ወረቀቱ ላይ ይፈልጉት። «ክሪሚናል ኮንቴምፕት» ግን ላለፈ ጥፋት ቅጣት ነው፦ «30 ቀን ትታሰራለህ»፤ ዛሬ ቢታዘዙም ባይታዘዙም ያው 30 ቀን ነው። ይህ የወንጀል ክስ ስለሆነ ንጹሕ ሆኖ የመገመት፣ ዝም የማለት፣ ጠበቃ የማግኘት መብት አለ፤ ጥፋቱም ከጥርጣሬ በላይ መረጋገጥ አለበት።

ሜሪላንድ ውስጥ ልዩነቱ ከመዝገብ ቁጥሩ ይታያል። ከችሎት ውጭ ለተፈጸመ የወንጀል ችሎት መድፈር፣ በደንብ 15-205 መሠረት፣ ራሱን የቻለ አዲስ የወንጀል መዝገብ መከፈት አለበት፤ ሲቪሉ ግን በደንብ 15-206 እዚያው በነባሩ መዝገብ ላይ ይሄዳል። ስለዚህ ወረቀቱ በድሮው የፍቺ መዝገብ ቁጥር መጥቶ ሳለ ዳኛው «ለቅጣት 60 ቀን» ቢል አንድ ነገር ተዛብቷል። በዚሁ ደንብ ሲቪሉ ወረቀት እስር የሚጠየቅበት መሆን አለመሆኑን በግልጽ መናገር አለበት።

ዳኛው «ሲቪል» ወይም «ክሪሚናል» ብሎ የሰጠው ስም ግን ብቻውን አይወስንም፤ የሚታየው የቅጣቱ ጠባይ ነው። የቨርጂኒያን የከሰል ማዕድን ሠራተኞች አድማ የያዘ አንድ ዳኛ ለእያንዳንዱ የኃይል ድርጊት 100,000 ዶላር፣ ኃይል ላልተቀላቀለበት ጥሰት 20,000 ዶላር የሚል ተመን አስቀድሞ አወጣ። በመጨረሻ ማኅበሩን ከ64 ሚሊዮን ዶላር በላይ ቀጣ፤ ከዚህ ውስጥ 52 ሚሊዮኑ ለስቴቱና ለሁለት ካውንቲዎች የሚከፈል ነበር። ሁሉም «ሲቪል» ተብሎ ያለ ጁሪ፣ ማለትም ከሕዝብ ተመርጠው ጥፋተኛነትን የሚወስኑ ሰዎች ሳይቀመጡ፣ አለፈ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1994 (በፈረንጅ) ይህን አፈረሰው፦ መጠኑ እንዲህ ከባድ የሆነ፣ ችሎት ውስጥ ባልተፈጸመ ድርጊት ላይ የተጣለ፣ ከተጣለም በኋላ በመታዘዝ የማይነሣ መቀጮ ቅጣት ነው፤ ቅጣት ከሆነ ጁሪ ያስፈልገዋል አለ።

ዳኛው በዓይኑ አይቷል?

ዳኛ ያለ መጥሪያ፣ ያለ ቀጠሮ፣ ያለ ምስክር እዚያው የሚቀጣው ድርጊቱ ችሎት ውስጥ በእሱ ፊት ሲፈጸም ብቻ ነው። በፌዴራል የወንጀል ሥነ ሥርዓት ደንብ 42 ንኡስ ክፍል (ለ) ዳኛው ያየ ወይም የሰማ መሆኑን ማረጋገጥ፣ የሆነውን ነገር በጽሑፍ መዘርዘር፣ መፈረምና ለጽሕፈት ቤቱ ማስገባት አለበት። ከአራቱ አንዱ ከጎደለ ለይግባኝ በር ይከፈታል።

ስለዚህ እዚያው የተቀጣ ሰው በዚያው ዕለት ከክለርኩ (ከፍርድ ቤቱ መዝገብ ያዥ) የትእዛዙን ግልባጭ መውሰድ አለበት። ሲያነቡት «ተከሳሹ ሁለት ጊዜ እንዲቀመጥ ታዝዞ ሳይቀመጥ፣ ምስክሩ እየተናገረ ሳለ ‹ውሸታም› ብሎ ጮኸ» የሚል ከሆነ ፍሬ ነገር አለው። «ተከሳሹ ለችሎቱ አክብሮት የጎደለው ጠባይ አሳየ» ብቻ ከሆነ ፍሬ ነገር የለውም፤ ይህ የዳኛው ድምዳሜ ነው። ክፉ ቃል መውጣቱ ብቻም አይበቃም። በ1974 በታየ የተልሳ ከተማ ጉዳይ፣ አንድ ሰው ሲመሰክር ስለደበደበው ሰው አንድ ጸያፍ ቃል ተጠቅሞ ችሎት ደፍሯል ተብሎ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ቃሉ ወደ ዳኛው አልተወረወረም፣ ችሎቱንም አላወከም ብሎ ጥፋተኝነቱን ሻረ።

ሰው ነግሮት የሰማው፣ ቪዲዮ ላይ ያየው፣ ኮሪደር ላይ የሆነው፣ ከችሎት በኋላ በቴክስት የተላከው፣ ያልተከፈለ ቀለብ፣ በሰዓቱ ያልተመለሰ ልጅ፣ እነዚህ ሁሉ «በእሱ ፊት» አይባሉም። ለእነዚህ መጥሪያ፣ የድርጊቱ ዝርዝር፣ መከላከያ ለማዘጋጀት በቂ ጊዜና የማስረጃ ችሎት ያስፈልጋል።

ይህ መስመር ሲጣስ ምን እንደሚመስል ለማየት የሚሺጋኑን የኦሊቨር ጉዳይ ያህል የለም። በዚያን ጊዜ የስቴቱ ሕግ አንድ ዳኛ ብቻውን እንደ ግራንድ ጁሪ (ክስ ይመሥረት አይመሥረት ብሎ በምስጢር እንደሚመረምር የዜጎች ቡድን) ሆኖ በዝግ በር እንዲመረምር ይፈቅድ ነበር። ዊልያም ኦሊቨር ምስክር ሆኖ ገባ፤ ዳኛው ታሪክህ አይጣጣምም አለና እዚያው በተዘጋው ክፍል ውስጥ 60 ቀን ፈረደበት። ጠበቃ አልነበረም፣ ታዳሚ አልነበረም፣ ለመዘጋጀት አንድ ሰዓት እንኳ አልተሰጠም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1948 ሻረው። የስቴቱ ዳኞች ቀጥለው ምርመራውን በዝግ፣ ቅጣቱን በግልጽ ችሎት ማድረግ ሲጀምሩ ደግሞ በ1955 በመርቺሰን ጉዳይ ያም አይሆንም ተባለ፦ በምስጢር የመረመረ ዳኛ በዚያው ምርመራ የተነሣውን ክስ ራሱ ሊፈርድ አይችልም።

«በቲክቶክ ላይቭ ዳኛውን ተቸሁት፤ ያስረኛል?» የሚል ጥያቄም ይመጣል። መልሱ ሩቅ ይሄዳል። በ1826 የሚዙሪው ፌዴራል ዳኛ ጄምስ ፔክ ፍርዱን በጋዜጣ የተቸውን ጠበቃ ሉክ ሎለስን 24 ሰዓት አሰረው፣ 18 ወር ደግሞ ከጥብቅና አገደው። የተወካዮች ምክር ቤት ዳኛውን ከሰሰ፤ ሴኔቱ በጥር 1831 ነፃ ያወጣው 21 ለ22 በሆነ ድምፅ፣ ለጥቂት ነው። ኮንግረሱ በወሩ ሕግ አውጥቶ የፌዴራል ዳኞችን ሥልጣን በሦስት ነገር ወሰነው፦ በችሎት ፊት ወይም እዚያው አጠገብ ሥራ የሚያውክ ድርጊት፣ የፍርድ ቤት ሠራተኞች በሥራቸው የሚፈጽሙት ጥፋት፣ እና ሕጋዊ ትእዛዝን አለመታዘዝ። ዛሬም የአሜሪካ ሕግ ርእስ 18 ክፍል 401 የሚለው ይህንኑ ነው። ስለዚህ ከችሎት ውጭ መተቸት በአብዛኛው አያስቀጣም። ስልክን ደብቆ ችሎት ውስጥ መቅረጽ ግን ፈጽሞ ሌላ ነገር ነው፤ አብዛኞቹ ፍርድ ቤቶች ይከለክላሉ፣ ድርጊቱም ዳኛው ዓይን ሥር ነው። ምስክሮችን ስም ጠርቶ ማስፈራራትም «ትችት» ተብሎ አያልፍም።

ማን ይከሳል? ማን ይፈርዳል?

በፌዴራል ፍርድ ቤት ዳኛው የወንጀል ችሎት መድፈር ክስ ሲያስነሳ ጉዳዩን እንዲይዝ መጀመሪያ የመንግሥትን ዐቃቤ ሕግ መጠየቅ አለበት። ዐቃቤ ሕጉ እምቢ ካለ ሌላ ጠበቃ ይሾማል። የባላጋራዎን ጠበቃ ግን መሾም አይችልም፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1987 የሉዊ ቪቶን ቦርሳ አስመስለው በሚሸጡ ሰዎች ጉዳይ የወሰነው ይህንን ነው፤ በጉዳዩ ጥቅም ያለው ሰው የመንግሥትን በትር ሊይዝ አይገባም። ስለዚህ ወረቀቱ ግርጌ የከሳሹን ስም ይዩ። በፍቺው የቀድሞ ባለቤትዎ ጠበቃ የነበረው ሰው «ልዩ ዐቃቤ ሕግ» ሆኖ ከመጣ ይህ መጀመሪያ የሚነሣ ተቃውሞ ነው።

ይህ ገደብ ግን የሚመስለውን ያህል ጠንካራ አይደለም፤ ዳኛው ከዐቃቤ ሕጉ እምቢታ በኋላ ሊቀጥል ይችላልና። በ2019 ኒውዮርክ ላይ በጠበቃ ስቲቨን ዶንዚገር ጉዳይ የሆነው ይኸው ነው፦ ዐቃቤ ሕጉ ጉዳዩን አልይዝም አለ፣ ዳኛው የግል ጠበቃ ሾመ፣ ሌላ ዳኛ አየችው፣ 6 ወር ተፈረደበት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2023 ጉዳዩን ለማየት አልተቀበለም፤ ሁለት ዳኞች ግን አሠራሩን በጽሑፍ ነቅፈው ተለይተዋል። በሲቪሉ ችሎት መድፈር ግን አቤቱታውን ባላጋራው ወይም ጠበቃው ራሱ ማቅረብ ይችላል፤ እዚያ ይህን ተቃውሞ ማንሣት ጊዜ ማባከን ነው።

የሚፈርደውስ? የፌዴራሉ ደንብ ግልጽ ነው፦ ክሱ ዳኛውን ማቃለል ወይም መተቸት ከሆነ፣ ያ ዳኛ እርስዎ ካልተስማሙ በስተቀር ክሱን አይሰማም። «ተስማምተዋል?» ተብለው ሲጠየቁ ለአክብሮት ብለው «ይሁን» እንዳይሉ። በፔንስልቬንያ በ1971 የተሻረው የሜይቤሪ ጉዳይ ለምን እንደሆነ ያሳያል። ራሱን ይከራከር የነበረ ተከሳሽ ችሎቱ እስኪያልቅ ዳኛውን ሲሰድብ ከረመ፤ ዳኛው እስከ መጨረሻው ታግሶ በ11 ጥፋት ከ11 እስከ 22 ዓመት እስራት ቆለለበት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ስድቡ አሳፋሪ መሆኑን አልካደም፤ እንዲህ የተሰደበ ሰው ግን ለመፍረድ የሚያስፈልገውን እርጋታ ይዞ ሊቆይ አይችልም፣ ሌላ ዳኛ ይየው አለ።

በደንብ የተሠራ ምን ይመስላል? አሪዞና ውስጥ ዳኛ መረይ ስኖ፣ ሸሪፍ ጆ አርፓዮ ትእዛዙን መጣሱን ካረጋገጠ በኋላ በነሐሴ 2016 (በፈረንጅ) ጉዳዩን ለወንጀል ክስ መራው። ክሱን ግን ሌላ ዳኛ፣ ሱዛን ቦልተን፣ ሰምታ በሐምሌ 2017 ፈረደች። ያስነሣው ሌላ፣ የፈረደችው ሌላ።

ሜሪላንድ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በራሱ ተነሣሽነት ክሱን የጀመረና ምስክር ሆኖ ሊጠራ እንደሚችል የሚጠብቅ ዳኛ በደንብ 15-207 ክሱን አይሰማም። ነገር ግን ክሱ በፍትሐ ብሔር መዝገብ የተሰጠን የቀድሞ ትእዛዝ አለመፈጸም ከሆነ ያው ዳኛ መቀመጥ ይችላል። የቀለብና የልጅ ጥበቃ ጉዳዮች አብዛኞቹ እዚህ ስለሚወድቁ «ይህ ዳኛ ይነሣልኝ» ማለት ብቻውን አያዋጣም።

ስድስት ወር

ያለ ጁሪ የሚሰጥ የወንጀል ችሎት መድፈር ቅጣት ከ6 ወር አይበልጥም። ይህ ከ1968ቱ የብሉም ጉዳይ ወዲህ የጸና ነው። ክሱ እያንዳንዱ ትንሽ ሆኖ ቢደመርስ? ዳኛው ከችሎቱ ማብቂያ በኋላ ቅጣቶቹን ደራርቦ ከ6 ወር ካሳለፈ ጁሪ ያስፈልጋል፤ በ1974 በሜይቤሪ ግብረ አበሮች ጉዳይ የተወሰነው ይህ ነው። ስለዚህ ወረቀቱ ላይ «አምስት ጥሰት» ካለ የእያንዳንዱን ሳይሆን የድምሩን ጣሪያ ይጠይቁ።

ስቴቶች ከዚህም ሊያጠቡት ይችላሉ። ቨርጂኒያ ውስጥ በችሎት ፊት ወይም አጠገቡ ለሚፈጸም ረብሻ ያለ ጁሪ ከ10 ቀን እስራትና ከ250 ዶላር በላይ መቅጣት አይቻልም። በሲቪሉ በኩል 6 ወር የሚባል ጣሪያ የለም፤ በፌዴራል ግን አልመሰክርም ያለ ምስክር ቢበዛ 18 ወር ነው የሚያዘው።

የልጅ ቀለብ፦ ሰው የሚታሰርበት ዋናው በር

የእኛ ሰው ይህን ወረቀት የሚያገኘው በአብዛኛው በቀለብ፣ «ቻይልድ ሰፖርት» በሚባለው ነው። እዚህ ያለው ገደብ አንድ ነው፤ መክፈል የማይችልን ሰው እንዲከፍል ብሎ ማሰር አይቻልም። ቁልፉ ኪሱ ውስጥ የለማ!

በ2011 በተወሰነው የተርነር ጉዳይ፣ በሳውዝ ካሮላይና አንድ አባት 5,728 ዶላር ከ76 ሳንቲም ውዝፍ ነበረበት። ችሎቱ አጭር ነበር፤ እሱም ጠበቃ የለው፣ እናትየዋም የላትም። ዳኛው 12 ወር አለና የተዘጋጀውን ቅጽ ፈረመ። ቅጹ ላይ «መክፈል ይችላል / አይችልም» የሚለው ቦታ ግን ባዶውን ቀረ። ያቺ ባዶ ቦታ ዋሽንግተን ድረስ ሄደች። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በእንዲህ ያለ ጉዳይ መንግሥት የግድ ጠበቃ ማቆም የለበትም አለ፤ ግን በምትኩ አራት ነገር ያስፈልጋል፦ የመክፈል አቅም ዋናው ነጥብ መሆኑን አስቀድሞ መንገር፣ የገቢ ሁኔታን የሚጠይቅ ቅጽ ወይም ተመሳሳይ መንገድ፣ በችሎቱ ላይ ስለ አቅም የመመለስ ዕድል፣ እና ዳኛው «መክፈል ይችላል» ብሎ በግልጽ መወሰኑ። ችሎቱ ሲያበቃ ቅጹ ላይ ያቺን ቦታ ይዩ። ባዶ ከሆነች «ክቡር ዳኛ፣ ስለ መክፈል አቅሜ የተወሰነ ነገር እንዲመዘገብልኝ እጠይቃለሁ» ይበሉ።

ሜሪላንድ ከዚህ ይሻላል። ከ1983 ጀምሮ በሲቪል ችሎት መድፈር የሚታሰር ደሃ ያለ ጠበቃ አይታሰርም። ወረቀቱ ራሱ ስለ ፐብሊክ ዲፌንደር (መንግሥት ለደሃ ስለሚያቆመው ጠበቃ) ይናገራል፤ ከችሎቱ ቢያንስ 10 የሥራ ቀን ቀደም ብለው ይሂዱ፤ በዋዜማው የሄደን ማንም አይረዳውም።

ይዘው የሚሄዱት፦ የቅርብ ወራት የደመወዝ ስሊፕ፣ ከሥራ የተሰናበቱበት ደብዳቤ፣ የባንክ መግለጫ፣ የቤት ኪራይ ውል፣ ሥራ የጠየቁባቸው ማመልከቻዎች፣ የሕክምና ወረቀት። ሦስት ቅጂ ያድርጉት፤ ለዳኛው፣ ለባላጋራ፣ ለራስዎ።

አሁን የእኛ ሰው ብቻ የሚሰናከልበትን ነገር እንይ። የባንክ መግለጫዎ ላይ በየወሩ ወደ አገር ቤት የተላከ 300 ዶላር ካለ «ለእናቱ የሚልክ ለልጁ ለምን አይከፍልም?» መባሉ አይቀርም፤ ምን ዓይነት ወጪ እንደሆነ የሚያስረዳ ነገር ከሌለ ያ መስመር የአቅም ማስረጃ ሆኖ ይቀርብብዎታል። ዕቁብም እንደዚሁ ነው። ዕጣ ሲወጣልዎ በዜል የገባ 10,000 ዶላር ለፈረንጅ ዳኛ ገቢ ይመስላል፤ ግማሹ ገና የሚከፈል ዕዳ መሆኑን ከዕቁቡ ጸሐፊ በተፈረመ ወረቀት ካላስረዱ ማን ያውቅልዎታል? በጥሬ ገንዘብ «እጇ ላይ» የተሰጠ ቀለብም ያለ ደረሰኝ እንዳልተከፈለ ይቆጠራል። የመክፈያ መንገዱ ትእዛዙ ላይ ተጽፎ ከሆነ በዚያ ብቻ ይክፈሉ።

ችሎቱ ላይ

አስተርጓሚ ወረቀቱ በደረሰዎት ሳምንት ከክለርኩ በጽሑፍ ይጠይቁ። «አማርኛ» ብለው ይጻፉ፤ «ኢትዮጵያዊ» ብቻ ከጻፉ የትግርኛ ወይም የኦሮምኛ አስተርጓሚ ሊመጣ ይችላል። የአክስት ልጅ አያስተረጉምም።

ያለ አስተርጓሚ የሚመልስ ሰው በአንድ ቃል ይጠፋል። ዳኛው በእንግሊዝኛ «አልከፈልክም?» ብሎ ሲጠይቅ እኛ «አዎ» እንላለን፣ አልከፈልኩም ለማለት። በእንግሊዝኛ ግን «አዎ» ያለ ሰው ከፍያለሁ ያለ ነው፤ አንድ ደቂቃ ቆይቶ «አልከፈልኩም» ሲል ዋሽቷል ተብሎ ይጠረጠራል። ስለዚህ ሁልጊዜ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ይመልሱ። ትንፋሽ ወደ ውስጥ ስቦ «እሺ» ወይም «አዎ» ማለትም መዝገብ ላይ አይወጣም፤ ጸሐፊው የሚጽፈው ቃልን ነው።

ተቃውሞ የሚባለው ጮክ ብሎ «በሕግ አምላክ!» ማለት አይደለም። ተነሥተው፣ በለሆሳስ ሳይሆን በሚሰማ ድምፅ፣ ተራ ሲሰጥዎ አጭር ነጥብ ያስመዝግባሉ፦ ድርጊቱ በችሎት ፊት አልተፈጸመም፤ ለመዘጋጀት ጊዜ አልተሰጠኝም፤ ይህ ቅጣት ስለሆነ የወንጀል መብቶቼ ይጠበቁልኝ፤ ሌላ ዳኛ ይይልኝ፤ ጁሪ እፈልጋለሁ። ምክንያቱን አብረው ይናገሩ፤ ችሎት ላይ ያልተመዘገበ ተቃውሞ ይግባኝ ላይ አብዛኛውን ጊዜ እንዳልነበረ ይቆጠራል። ዳኛው «ተቃውሞው ታልፏል» ካለ «አመሰግናለሁ» ብለው ይቀመጡ። ሦስተኛ ጊዜ መድገም ቀጭኑን ክስ ወፍራም ያደርገዋል፤ ያን ጊዜ ዳኛው በዓይኑ ያየው አዲስ ጥፋት ይኖረዋል።

ትእዛዙ ስሕተት ነው ብለው ካመኑ

ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። የዳኛው ሥልጣን ገደብ አለው ማለት ትእዛዙን በራስ ፈቃድ መጣል ይቻላል ማለት አይደለም። በሚያዝያ 1963 (በፈረንጅ) በርሚንግሃም ውስጥ አንድ የአላባማ ዳኛ ማርቲን ሉተር ኪንግና ጓደኞቹ ሰልፍ እንዳይወጡ አገደ። እነሱ ይግባኝ ሳይሉ ስቅለት ዕለት ወጡ። እያንዳንዳቸው 5 ቀን እስራትና 50 ዶላር ተፈረደባቸው፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1967 በ5 ለ4 አጸናው። የሚገርመው፣ ዕግዱ የቆመበት የከተማው ደንብ ከሁለት ዓመት በኋላ በሌላ መዝገብ ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል ተባለ። የቅጣቱ ምክንያት ዳኛው ልክ ስለነበረ ሳይሆን፣ ትእዛዙን በይግባኝ ማሻር ሲገባቸው በእግራቸው ስለሻሩት ነው። ስለዚህ ይፈጽሙ፤ ጎን ለጎን ትእዛዙ እንዲታገድ፣ እንዲሻሻል ወይም እንዲሻር ያመልክቱ። ቀለቡን መቀነስ ከፈለጉ ሥራዎን ያጡበት ሳምንት ያመልክቱ፤ የኋላውን ውዝፍ ፍርድ ቤቱ በአብዛኛው አይሰርዝልዎትም።

ይግባኙ የሚለካው በቀን ነው። በፌዴራል የወንጀል ችሎት መድፈር 14 ቀን፣ በሜሪላንድ 30 ቀን አለዎት። ቨርጂኒያ ውስጥ የዲስትሪክት ፍርድ ቤት ዳኛ ከቀጣዎት ይግባኙ ወደ ሰርከት ፍርድ ቤት ነው። የይግባኝ ማስታወቂያ ማስገባት ብቻውን ከእስር አያስወጣም፤ ቅጣቱ ይግባኙ እስኪታይ እንዲቆም ወይም በዋስ እንዲለቀቁ በተለየ ወረቀት ይጠይቁ። ጉዳዩ ገና ሳያልቅ ዳኛው ከሥልጣኑ ውጭ ከወጣ «ማንዴመስ» የሚባል አቤቱታ ለበላይ ፍርድ ቤት አለ፤ ለማግኘት በጣም ከባድ ስለሆነ ያለ ጠበቃ አይሞክሩት። የይግባኝ ፍርድ ቤቱ የሚያነበው የተጻፈውን ብቻ ነውና የችሎቱን ትራንስክሪፕት (ቃል በቃል የተጻፈውን)፣ በድምፅ ብቻ የሚቀዳ ፍርድ ቤት ከሆነ ቅጂውን፣ ቀጠሮው ባለቀ ማግስት ይዘዙ።